የእናቴ የልብስ ማስጫ ገመድ

«ጻፊ!» አሉኝ ዶኛ ሬፉሂዮ።

ወረቀቱን በጠረጴዛው ላይ ወደ እኔ ገፋ አደረጉት። ብዕሩና ቀለሙ ቀድመው ተዘጋጅተዋል። ከወረቀቱ አጠገብ የጸሎት ቤቱ ቁልፍ ተጋድሟል፤ ከመዳፌ የሚበልጥ፣ የዛገ፣ ከባድ ቁልፍ። ዓይኔን እንደጣልኩበት አይተዋል፤ አውቀው ነው እዚያ ያስቀመጡት።

«ምን ብዬ ልጻፍ፣ እመቤቴ?»

«‹አንሴልሞ፣ ከዛሬ ጀምሮ አንተም አታውቀኝ፣ እኔም አላውቅህ› ብለሽ። ማሳመር አያስፈልገውም። በገዛ እጅሽ ጽፈሽ ትፈርሚያለሽ፣ ቁልፉን አንስተሽ ትሄጃለሽ። የፊልምሽን ሠርግ ትቀርጫለሽ፣ ጓዝሽን ጭነሽ ወደ ከተማሽ ትመለሻለሽ። ሁላችንም እፎይ እንላለን።»

እኔ ኤውላልያ ባራጋን ቶሎ የምናደድ ሰው ነኝ፤ አልደብቅም። ያን ጊዜ ግን ከንዴቴ ቀድሞ የመጣብኝ ሳቅ ነው። አንሴልሞ፣ የእሳቸው ልጅ፣ የሳን ሂል ርስት ወራሽ፣ ከሦስት ወር ወዲህ አንዲት መስመር አልጻፈልኝም። ለፊልማችን ቦታ ልመርጥ እዚህ የመጣሁ ጊዜ ነበር ከአሥራ ስድስት ዓመት በኋላ የተያየነው። ቦታ ለመምረጥ ሁለት ቀን ይበቃ ነበር፤ እኔ ሁለት ሳምንት ቆየሁ። በመጨረሻው ቀን ማጌይ በሚሉት እሾሃም ተክል መሃል ቆመን፣ «እጽፍልሻለሁ፤ ያልኩሽን ሁሉ በወረቀት ታገኚዋለሽ» አለኝ። አመንኩት። ሞኝ!

«እመቤቴ፣» አልኩ፣ «ልጅዎ ረስቶኛል። የሌለኝን ሰው እንዴት ብዬ ልመልስልዎ?»

«ከሌለሽማ ምን ያስቸግርሻል? ጻፊያ!» ድምፃቸው ዝቅ አለ። «እሱ ግን ሦስት ወር ሙሉ እህል እያየ ፊቱን ያዞራል። ከአንቺ እጅ ቁርጡን ካላየ አያርፍልኝም።»

እህል እያየ ፊቱን ያዞራል? ታዲያ ምን ሆኖ ዝም አለ? ይህን እሳቸውን ከመጠየቅ ደግሞ ብሞት ይሻለኛል።

«ስንት የጨዋ ልጅ እያለ፣» ብለው ቀጠሉ፣ «የልብስ አጣቢዬ የቶማሳ ልጅ? እናትሽ እኮ አንገቷን ደፍታ የምትኖር ሴት ነበረች።»

ይኼኔ ሳቁ ለቀቀኝ።

«እናቴ አንገቷን የደፋችው ለአንሶላዎ ነው፣ ለእርስዎ አይደለም» አልኳቸው። «እኔ ሰው በትእዛዝ አልወድም፣ በትእዛዝም አልተውም። የሌለኝንም ቢሆን!»

«እንግዲያው ቁልፉ የለም።»

«አይኑር!»

«እስከ ምሳ ሰዓት እዚሁ ይጠብቅሻል» አሉ፤ ፊታቸው ላይ አንድም ነገር አልተንቀሳቀሰም። «ንዴትሽ ሲበርድ ትመለሻለሽ።»

ባዶውን ወረቀት አጥፌ ኪሴ ውስጥ ከተትኩት። ለምን እንደወሰድኩት አላውቅም። ከዚያ ክፍል ምንም ሳልይዝ መውጣቱ ሞት መስሎኝ ነው።

*

ፕሮዲዩሰር ምን ይሠራል ለሚለኝ ሁሉ መልሴ አንድ ነው፤ የጎደለውን ሁሉ። ዝናብ ሲጎድል ዝናብ፣ በቅሎ ሲጎድል በቅሎ፣ ተዋናይዋ ስታለቅስ መሐረብ። ስቱዲዮ የገባሁት የልብስ ክፍል ውስጥ የሸሚዝ ቁልፍ ሰፊ ሆኜ ነው። ቀጥሎ የፕሮዲዩሰሩ የዶን ኤቫሪስቶ ስልክ አንሺ ሆንኩ፤ ቀጥሎ ጭቅጭቁን ተሸካሚ። ዶን ኤቫሪስቶ ታሞ ሆስፒታል ሲተኛ «የመከር ሙሽራ» የተባለው ፊልማችን ከነሙሉ ጣጣው እኔ እጅ ላይ ወደቀ። ስሜ ፊልሙ ላይ አይጻፍም፤ የፕሮዲዩሰሮች ማኅበር ሴት ፕሮዲዩሰር አላውቅም ብሏል። አይወቅ! ፊልሙ ግን ያውቀኛል።

የቀረን ትዕይንት አንድ ብቻ ነው፤ የመጨረሻው ሠርግ። ሙሽራዋን የምትጫወተው ዳልያ ሞንቴስ ደግሞ ነገ ጠዋት ለሌላ ፊልም ወደ ሃቫና ትበራለች። ዛሬ ፀሐይ ሳትጠልቅ ካልቀረጽን ሙሽራዋ ሳትዳር ፊልሙ ይቀራል።

ግቢው ውስጥ ዳይሬክተሩ ዶን ፕላሲዶ ባርኔጣውን እያወለቀ እየደፋ ይጠብቀኛል። ስሙ ፕላሲዶ፣ «እርጋታ» ማለት ነው። ያወጡለት ሰዎች ቀልደውበታል።

«ቁልፉስ?» አለኝ።

«የለም።»

«የለም?! ጸሎት ቤት የሌለበት ሠርግ! የሚጋቡት በቅሎዎች ናቸው እንዴ? ኤውላልያ፣ ተመለሺና እግራቸው ላይ ውደቂ! የሚሉሽን ሁሉ አድርጊ!»

«የሚሉኝን ብታውቅ እንዲህ አትልም።»

«ምን አሉ?»

«አይመለከትህም፣ ዶን ፕላሲዶ። አንተ ካሜራህን ተመልከት፤ ቦታ እኔ አመጣልሃለሁ።»

ከየት እንደማመጣ ግን አላውቅም ነበር። ፊቴን አዞርኩ፤ እንባዬን እንዳያይብኝ። ስዞር ታዲያ ከበሬዎቹ ግርግም ጀርባ ያለው አሮጌው ጎተራ ታየኝ። የድንጋይ ግድግዳው፣ ከላይ ጠባብ መስኮቱ፣ በሩ ላይ የተንጠለጠለው ትልቅ ጓጉንቸር። ዓመታት ወደ ኋላ ወሰዱኝ።

የስምንት ዓመት ልጅ ነበርኩ። መንግሥትና ካህናት ተጣልተው አገሩ ሁሉ ቤተ ክርስቲያን የተዘጋበት ጊዜ ነው። ሦስት ዓመት ሙሉ ደወል አልተሰማም። ያን ጊዜ የሳን ሂል ሰው ሲጋባ፣ አባ በገበሬ ልብስ ተደብቀው ይመጡና እዚያ ጎተራ ውስጥ፣ በበቆሎው ክምር መሃል ያጋቡ ነበር። እኔ በር ላይ ሻማ እይዛለሁ። የርስቱ ባለቤት ልጅ አንሴልሞ ጣሪያ ላይ ተኝቶ ወታደር ይጠብቃል፤ አቧራ ካየ ያፏጫል። በሠርግ ጊዜ በሁለቱ ሙሽሮች ትከሻ ላይ የሚጣለው ማሰሪያ ከነዕቃው ጸሎት ቤቱ ውስጥ ታሽጎ ስለነበር፣ እናቴ የልብስ ማስጫዋን የቃጫ ገመድ ፈትታ አመጣች። የዚያ ዘመን ሙሽሮች ሁሉ ትከሻቸው ላይ የተጣለው እሱ ነው፤ ሀብታምም ድሃም።

እየሮጥኩ የእናቴን ዘመን ወደሚያውቁት የመንደሩ አሮጊት፣ ወደ እማማ ማክሲማ ሄድኩ። የመንደሩን ሴቶች ሰብስበው፣ ሁሉም የገዛ ሠርጋቸውን ነጠላ ለብሰው ለቀረጻው ተሰልፈዋል። እኔ የሠርግ ልብስ ልከራይላቸው ብል ተቆጥተውኝ ነበር፤ «ሠርግ ከሆነ ሠርግ ነው» ብለው።

«እማማ፣ ያ ገመድ አለ?»

ተክዘው አዩኝ። «የቶማሳ ገመድ? አለ እንጂ። የት ይሄዳል?»

«ጎተራው ውስጥ ልንቀርጽ ነው።»

እማማ ማክሲማ አፋቸውን በእጃቸው ያዙ። «ልጄ፣ ዶኛ ሬፉሂዮ ከካዬታና ቀብር ወዲህ እግራቸውን አላስገቡበትም። ሰውም አያስገቡበትም።»

ካዬታና የአንሴልሞ ታላቅ እህት ነበረች። በዚያ ጎተራ ተዳረች፣ በዓመቱ በወሊድ ሞተች። አውቅ ነበር፤ ሻማዋን የያዝኩላት እኔ ነኝ። ያን ቀን ዶኛ ሬፉሂዮ በቆሎ ላይ ተንበርክከው ሲስቁ አይቻቸዋለሁ። ከዚያ ወዲህ ሲስቁ ያያቸው ሰው የለም።

«የጎተራው ቁልፍ ማን ጋ ነው?» አልኩ፣ መልሱን እያወቅሁ።

«ማን ጋ ይሆናል ብለሽ ነው?» አሉኝ፤ በአገጫቸው ወደ በቅሎዎቹ አመለከቱኝ።

አንሴልሞ የበቅሎ እግር ይዞ ኮቴ እያየ ነበር። ቀና አላለም። ከስቷል። ጉንጩ ገብቷል። ሮጬ ልጠመጠምበት ምንም አልቀረኝም፤ ደግሞ ያንኑ ኮቴ ነጥቄ በሱ ልማታው ምንም አልቀረኝም።

«የጎተራውን ቁልፍ እፈልጋለሁ።»

«ለአለቃችን ለሴኞሪታ ባራጋን የማይከፈት በር አለ እንዴ?» አለ፣ አሁንም ሳያየኝ።

«ሽሙጥህን ተወውና ስጠኝ።»

ቀና አለ። ዓይኑ ቀልቷል። «ሰባቱንም ተቀብያቸዋለሁ» አለኝ። «አመሰግናለሁ ለማለት ያህል ነው። ግድግዳዬ ላይ ቦታ ስላልቀረኝ ስምንተኛውን እንዳትልኪ።»

«ምኑን?»

«ምኑን ትላለች ደግሞ!»

ቁልፉን ከቀበቶው ፈትቶ እጄ ላይ ጣለው። ጣቶቻችን ተነካኩ፤ ሁለታችንም እንደተቃጠለ ሰው እጃችንን ሰበሰብን። ሰባት ምን? ምንድን ነው የላክሁት? ይሄ ሰው አብዷል ወይስ ያሳብደኛል? በሩን ልከፍት ሄድኩ።

*

ፊልም ሠርታችሁ የማታውቁ ሰዎች፣ መብራት ማስተካከል ምን ማለት እንደሆነ አታውቁም። ተዋናዮቹ ፊታቸውን እየተቀቡ ሳለ በእነሱ ቁመት የሆኑ ሌሎች ሁለት ሰዎች እነሱ የሚሆኑበት ቦታ ላይ ይሆናሉ። የመብራቱ ኃላፊ ደግሞ አንድ ሰዓትም ይሁን ሁለት፣ ፊታቸው ላይ ብርሃን እያበራ እያጠፋ ይፈርድባቸዋል። መንቀሳቀስ የለም። ለዚህ ሥራ የቀጠርናቸው ሁለቱ ልጆች ግን ትናንት ፑልኬ የሚባለውን የመንደሩን የማጌይ ጠላ ተጋብዘው፣ ዛሬ ሆዳቸውን ይዘው ተኝተዋል።

«አለቃ!» ብሎ ጮኸ የመብራቱ ኃላፊ ቴዮ፣ መሰላል ላይ ሆኖ። «አንቺ ከዳልያ ጋር እኩል ነሽ። ነይ ተንበርከኪልኝ!»

«ሥራ አለኝ ቴዮ!»

«ይሄ ሥራ አይደለም እንዴ? ወንዱስ? ረጅም ወንድ ፈልጉልኝ! ያ በር ላይ የቆመው፣ ባለ ባርኔጣው!»

በር ላይ የቆመው አንሴልሞ ነው። የመንደሩ ሴቶች ይህን ሲሰሙ አፋቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ። ከኋላ አንዷ በክርኗ ገፋችው፣ ሌላዋ ባርኔጣውን ቀማችው። «ግባ እንጂ፣ አትበላህም!» አለች ሦስተኛዋ፤ ጎተራው በሳቅ ተናወጠ። እሱ ደግሞ እምቢ ብሎ ፈራ እንዳይባል፣ መጥቶ ጎኔ ተንበረከከ።

እማማ ማክሲማ ገመዱን አመጡ። የቃጫው ፈትል ለስልሶ፣ ሸብቶ፣ እንደ ሐር ሆኗል። አንዱን ዙር በእሱ ትከሻ፣ ሌላውን በእኔ ትከሻ ጣሉና መሃሉን አቆላለፉት። የእናቴን እጅ ያየሁ መሰለኝ። ገመዱን ያሰረች ሴት እሷው ናት የሠርግ እናት፤ ከእሷ በቀር ማንም አይነካውም። እማማ ማክሲማም፣ «ለመብራት ነው እንግዲህ» ብለው ፈገግ አሉና ወደ ጥግ ሄዱ።

«ማንም እንዳይንቀሳቀስ!» አለ ቴዮ።

ትንፋሹ ይሰማኛል። ሦስት ወር የጠበቅሁት ሰው በአንድ ክንድ ርቀት አለ፤ መዞር ደግሞ አልችልም። ወደ ፊት ግድግዳ እያየሁ፣ ከንፈሬን ሳላላቅቅ፣

«ሰባት ምን?» አልኩት።

«ታውቂዋለሽ።»

«ባውቅ እጠይቅሃለሁ? አንድ ደብዳቤ እንኳ ያልጻፍክ ሰው!»

ወደ እኔ ዞረ። «እኔ? እኔ ያልጻፍኩ?!»

«ሰውየው! አንገት!» ብሎ አንባረቀ ቴዮ።

አንሴልሞ አንገቱን መለሰ። «ሰባት ደብዳቤ ጻፍኩልሽ» አለ። «‹ስሜን ፖስታው ላይ እንዳትጽፍ፣ ቢሮ ውስጥ ወሬኛ ብዙ ነው፣ የፊልሙን ስም ብቻ ጻፍ፣ እጄ ይገባል› ብለሽኝ አልነበር? እንዳልሽው ‹የመከር ሙሽራ› ብዬ ላክሁ። ምን መጣልኝ? የዳልያ ሞንቴስ ፎቶ! ‹ለውድ አድናቂዬ ከልብ የሆነ ሰላምታ› የሚል። ደግሜ ጻፍኩ፣ ፎቶ። ‹ላገባሽ እፈልጋለሁ፣ እናቴን አልፈራም› ብዬ ጻፍኩ፣ ፎቶ! ልቤን አውጥቼ ስልክልሽ የሌላ ሴት ጥርስ ትልኪልኛለሽ! ሰባት ጊዜ ሳቅሽብኝ፣ ኤውላልያ።»

ያን ጊዜ ገባኝ።

ጋዜጦቹ የዳልያን ምስል ከፊልሙ ስም ጋር ያወጡ ሰሞን ስቱዲዮው በአድናቂ ደብዳቤ ተጥለቅልቆ ነበር። ሁሉም ፖስታው ላይ «የመከር ሙሽራ» ብሎ ነው የሚጽፈው። የደብዳቤ ክፍሉ ልጆች ምን እናድርግ ብለው የመጡት ወደ እኔ ነው። እኔም ከስልኩ ቀና ሳልል፣ «የፊልሙ ስም ያለበትን ሁሉ አትክፈቱ፤ ላኪውን እያያችሁ ፎቶ ላኩለት፣ ደብዳቤውን ጆንያ ውስጥ ክተቱት» አልኳቸው። እኔ! ማንም አይደለም፣ እኔው ራሴ! በአንድ አፌ እዚያ ጻፍልኝ አልኩት፣ በዚያው አፌ በሩን ዘጋሁበት። የጎደለውን ሁሉ የምሞላ ጎበዝ! የገዛ ሕይወቴን ጆንያ ውስጥ ከትቼ ስቱዲዮ ቁጭ ብዬ ደብዳቤ እጠብቃለሁ።

«አንሴልሞ...» አልኩ፣ ነገሩን በሹክሹክታ ነገርኩት።

«ጆንያ ውስጥ?» አለ።

«ጆንያ ውስጥ። ሳይከፈቱ።»

«ሰባቱም?»

«ሰባቱም አሉ። ልብስ ክፍሉ መደርደሪያ ስር።»

መጀመሪያ ትከሻው ተንቀጠቀጠ። ቀጥሎ የኔ። በአንድ ገመድ ታስረናል፤ የሱ ሳቅ በገመዱ ወደ እኔ ይመጣል፣ የኔ ለቅሶ በገመዱ ወደ እሱ ይሄዳል። የቱ ሳቅ የቱ ለቅሶ እንደሆነ እኔም አላውቅ።

«አለቃ!» አለ ቴዮ ተስፋ ቆርጦ። «ጥላችሁ እየዘለለብኝ ነው እኮ! ምን ሆናችኋል?»

«ምንም አልሆንኩም!» አልኩት ጉንጬ ርሶ። «ደህና ነኝ! በሕይወቴ እንደዛሬ ደህና ሆኜ አላውቅም!»

«እወድሻለሁ» አለኝ አንሴልሞ፣ ግድግዳውን እያየ። «የጻፍኩት ሁሉ ሲጠቃለል እሱ ነው። ብታነቢውም ሌላ የለበትም።»

«ቢሆንም ሁሉንም አነባቸዋለሁ» አልኩት።

*

ሳቁ በአንድ ጊዜ ጸጥ አለ። ሴቶቹ ወደ በሩ ዞሩ። ዶኛ ሬፉሂዮ ቆመዋል።

ምሳ ሰዓት አልፏል። ቁልፉን ልወስድ አልሄድኩም፤ እሳቸው ይዘውት መጡ። በጥቁር ልብሳቸው በሩ ደፍ ላይ ቀጥ ብለው ቆመው፣ መጀመሪያ እኔን አላዩም። የበቆሎውን ክምር አዩ፣ ጠባቧን መስኮት አዩ። ቀጥሎ ገመዱን አዩ። ፊታቸው ነጣ።

«ማን ከፈተው?» አሉ።

«እኔ ነኝ» አለ አንሴልሞ።

«ቁልፉን የጠየቅሁት እኔ ነኝ፣» አልኩ። «ጥፋት ከሆነ የኔ ነው።»

«ያን ገመድ አውልቂ!»

«እመቤቴ፣ መብራቱ አላለቀም።»

«አውልቂ አልኩሽ!»

«አላወልቅም!» ድምፄ ጎተራውን ሞላው። ተንበርክኬ ነበር፤ ቆሜ ብናገር ያን ያህል አልኮራም። «ጸሎት ቤቱን ከለከሉኝ፣ እሺ አልኩ። ይሄ ገመድ ግን የእናቴ ነው። በወታደር ፊት ያልተፈታ ገመድ ነው። እናቴ የእርስዎን አንሶላ በእጇ እያደረቀች ለልጅዎ ሠርግ የሰጠችው ነው። ለካዬታና ሲሆን ልክ የነበረ፣ ለቶማሳ ልጅ ሲሆን ለምን ነውር ይሆናል?»

የካዬታናን ስም በፊታቸው የጠራ ሰው አልነበረም። አንዲት ሴት አማተበች።

ከኪሴ ያንን ወረቀት አውጥቼ ዘረጋሁላቸው። «ልጅዎን እንድተውበት ያዘዙኝ ደብዳቤም ይኸው።»

ገልጠው አዩት። ባዶ ነው። አንሴልሞ አንዴ ወረቀቱን አንዴ እናቱን አየና ሁሉም ገባው። ፊቱ ደም መሰለ፤ እጄን በሁሉ ፊት ያዘ።

ዶኛ ሬፉሂዮ ወረቀቱን መልሰው አጠፉት። ከዚያ የጸሎት ቤቱን ቁልፍ አውጥተው እግሬ ስር፣ በቆሎው ላይ ጣሉት።

«ውሰዱት» አሉ። ድምፃቸው ተሰብሯል። «ጸሎት ቤቱን ውሰዱት፤ ሌሊቱን ሙሉ ቅረጹበት፣ ከፈለጋችሁ ጨፍሩበት። እዚህ ግን ጨዋታ አይደረግም። ልጄ እዚህ ስታገባ ስቃልኛለች። መብራታችሁን ይዛችሁ ውጡልኝ!»

ያን ጊዜ ነው ንዴቴ ሁሉ የወጣልኝ። እኚህ ሴት ጸሎት ቤቱን እንደ ሸቀጥ ሊደራደሩበት የቻሉት፣ የእሳቸው ቤተ ክርስቲያን ይሄ ጎተራ ስለሆነ ነው። እውነታቸውን ነው። እኔም እዚህ ሻማ ይዣለሁ፤ እኔም አውቃለሁ።

«ቴዮ!» አልኩ። «መብራቱን አጥፋ። ሁሉንም ዕቃ ወደ ጸሎት ቤቱ። ዶን ፕላሲዶ፣ ይኸው ቁልፍህ። ፀሐይ ሳትጠልቅ ትጨርሳለህ።»

«አንቺስ?» አለ ዶን ፕላሲዶ፣ ቁልፉን ከመሬት እያነሳ።

መብራቶቹ አንድ በአንድ ጠፉ። ሰዎቼ ሽቦውን እየጎተቱ፣ መሰላሉን እየተሸከሙ ወጡ። የመንደሩ ሴቶች ግን ንቅንቅ አላሉም። ከመስኮቷ የሚገባው የቀን ብርሃን ብቻ ቀረ፤ እኔና አንሴልሞ ላይ አረፈ። አልተነሳንም። ተመካክረን አልነበረም፤ ጉልበታችን ራሱ እምቢ አለ።

«እዚህ ጨዋታ አይደረግም፣ እማዬ» አለ አንሴልሞ። «ጨዋታው ወጥቷል። እኛ እየተጫወትን አይደለም።»

«ተነስ አንሴልሞ።»

«አልነሳም።»

«ካህን የለ፣ ሻማ የለ...»

«ካህኑ ይመጣሉ፣ ሻማ ይገዛል። እኔ የማገባት እሷን ነው፤ እርስዎ ቢመርቁም ባይመርቁም። ቢመርቁኝ ግን ደስ ይለኛል፣ እማዬ። በጣም ደስ ይለኛል።» መጨረሻው ላይ ድምፁ የልጅ ሆነ።

ዶኛ ሬፉሂዮ ወደ እማማ ማክሲማ ዞሩ። «ማክሲማ፣ ያሰርሽው አንቺ ነሽ። አንሺው!»

እማማ ማክሲማ ሁለት እጃቸውን ከነጠላቸው ስር ከተቱ። «እኔማ ያሰርኩት ለመብራት ነው፣ እመቤቴ፤ መብራቱ ሄዷል። ከእንግዲህ እዚያ ገመድ ላይ እጇን የምታሳርፍ ሴት፣ የሠርግ እናታቸው እሷ ናት። እኔ የለሁበትም።»

ዶኛ ሬፉሂዮ በቆሎው ላይ እየረገጡ መጡ። ከፊቴ ቆሙ። ቀና ብዬ አየኋቸው፤ አንገቴን አልደፋሁም። ዓይናቸው ሞልቷል። እጃቸውን ዘረጉ፣ ገመዱን ያዙ። ሊያወልቁት ነው ብዬ የአንሴልሞን እጅ ጨመቅሁ።

ገመዱ ለካ ከትከሻዬ ተንሸራትቶ ክንዴ ላይ ወርዷል። ቀስ ብለው አነሱት፣ አንገቴ ሥር አስቀመጡት፣ በመዳፋቸው አስተካከሉት። ቀጥሎ በእሱ በኩል ያለውን አስተካከሉ።

«እንዲህ ነው፣ ማክሲማ» አሉ፣ እንባቸው በአገጫቸው እየወረደ። «በሁለቱም ትከሻ እኩል። ለካዬታናም ጊዜ አጣምመሽው ነበር።»

«ሁሌም አጣምማለሁ፣ እመቤቴ» አሉ እማማ ማክሲማ እያለቀሱ።

ከውጭ የዶን ፕላሲዶ ጩኸት መጣ። «ኤውላልያ! አበባው የታለ? ኤውላልያ! ዳልያ የሙሽራ ዓይነ ርግቧን አጣችው! ኧረ ኤውላልያ!»

በሥራ ዘመኔ ሁሉ ስሜ ሲጠራ ሳልሮጥ ቀርቼ አላውቅም። የጎደለው አበባ ነው፣ የጎደለው ዓይነ ርግብ ነው፤ የምሞላው እኔ ነኝ። ያን ቀን ግን ትከሻዬ ላይ የእናቴ ገመድ ነበር፣ በገመዱ ላይ ደግሞ የዶኛ ሬፉሂዮ እጅ። ውጭ ያሉት ሰዎቼ ጮኸው እስኪደክማቸው ጠበቅሁ። አበባውን ራሳቸው ይፈልጉት፤ እኔ ምንም አልጎደለኝም።